የአሮጌ ፍሪ ጃዝ ቅጂዎችን በሎስለስ ለማዳመጥ፦ የትኛው ሕትመት፣ የትኛው ፋይል፣ የትኛው ኤርፎን?

እ.ኤ.አ. ዲሴምበር 21 ቀን 1960 ኒው ዮርክ ውስጥ በተቀዳው የሳክስፎን ተጫዋቹ የኦርኔት ኮልማን «ፍሪ ጃዝ» አልበም ላይ የሚጫወቱት ስምንት ሰዎች ናቸው፤ ሁለት ኳርቴት። አንደኛው ኳርቴት እንዳለ በግራ፣ ሁለተኛው እንዳለ በቀኝ ተቀምጧል። በግራ ኮልማን፣ ዶን ቼሪ፣ ስኮት ላፋሮና ቢሊ ሂጊንስ አሉ፤ በቀኝ ኤሪክ ዶልፊ፣ ፍሬዲ ሃባርድ፣ ቻርሊ ሄደንና ኤድ ብላክዌል። ስለዚህ በባጃጅ ወደ መርካቶ እየወረደ አንዱን ኤርፎን ብቻ ጆሮው ላይ ሰክቶ የሚያዳምጥ ሰው፣ ፋይሉ ምንም ዓይነት ይሁን፣ አራት ሰው ቀርቶበታል። ባለ አንድ ድምፅ ማውጫ የብሉቱዝ ስፒከር ደግሞ ስምንቱንም ሰው አንድ ጠባብ ክፍል ውስጥ ያጭቃቸዋል።

ጥራት ሲባል ብዙ ሰው ቀድሞ የሚጠይቀው የፋይሉን ዓይነት ነው። ለ1960ዎቹ የአቫንት ጋርድ ጃዝ (ፍሪ ጃዝን ጨምሮ የተለመደውን የዜማና የምት ሥርዓት የጣሰ ጃዝ) ቅጂዎች ግን የምርጫው ክብደት ሌላ ነው፦ ከሁሉ በፊት የትኛው ሕትመት፣ ቀጥሎ በምን እንደሚሰማ፣ ከዚያ ከየት እንደሚገኝ። የፋይሉ ዓይነት ከኋላ ይመጣል። ፍርዳችንን ከመጀመሪያው እንናገር፦ ጅማ ላይ ሆኖ ለሚያዳምጥ ሰው 16 ቢት በ44.1 ኪሎኸርትዝ የሆነ ፍላክ (የሎስለስ ፋይል ዓይነት) እና ጥሩ የገመድ ኤርፎን ይበቃዋል። ከዚያ በላይ የሚወጣው ብርና ዳታ ለተሻለ ሕትመት ቢውል ይሻላል። ከዚህ በታች ያሉት ዓመቶች ሁሉ እ.ኤ.አ. ናቸው።

«ሎስለስ» የሚባለው ሲጨመቅ ምንም የማይጎድልበት ፋይል ነው፤ ሲፈታ መጀመሪያ የገባው ቁጥር ለቁጥር ይመለሳል። ኤምፒ3 ጆሮ አይሰማውም ብሎ የገመተውን ይጥላል፤ የጣለው ደግሞ ተመልሶ አይገኝም።

ሕትመቱ ይቅደም

ቡናው ሲቆላ ካረረ ጀበና ቢለወጥ የሚመጣ ነገር የለም። አንድ አልበም ከዋናው ቴፕ ወደ ሸክላ፣ ከዚያ ወደ ሲዲ፣ ከዚያ ወደ ሪማስተር (ድምፁ እንደገና ተስተካክሎ የሚወጣ ሕትመት) ሲሻገር በየጊዜው በሌላ ሰው እጅ ተቆልቷል። ስሙና ሽፋኑ አንድ ሆኖ ድምፁ ይለያል። አልፎ አልፎ ሙዚቃው ራሱ ይለያል።

የጆን ኮልትሬንን «አሴንሽን» እንውሰድ። ጁን 28 ቀን 1965 በሩዲ ቫን ጌልደር ስቱዲዮ አሥራ አንድ ሙዚቀኞች ሁለት ጊዜ ተጫወቱት። መጀመሪያ ገበያ ላይ የዋለው ዛሬ «ኤዲሽን 1» የሚባለው፣ 38 ደቂቃ ተኩል ገደማ የሚፈጀው ነበር። ኮልትሬን የሚመርጠው ሌላኛውን ስለነበር ኋላ ላይ ሽፋኑ እንዳለ ሆኖ ውስጡ ያለው ሙዚቃ ተቀየረ፤ ለገዢው የቀረለት ምልክት ሸክላው ላይ፣ ድምፅ በሌለበት የመጨረሻ ቀለበት፣ የተጫረው «ኤዲሽን 2» የሚል ጽሑፍ ብቻ ነበር። ፋይል ሲያገኙ ርዝመቱን ይዩ፤ ወደ 40 ደቂቃ ተኩል የሚጠጋ ከሆነ ሁለተኛው ነው። የኤልቪን ጆንስ የከበሮ ሶሎ ያለው በአንደኛው ላይ ነው። ሁለቱንም የያዘ ሕትመት ካለ እሱን መግዛት ነው፤ አንዱን ሰምቶ ሌላውን አውቀዋለሁ ማለት አይቻልም።

ሞኖና ስቴሪዮ ሁለተኛው ወጥመድ ነው፤ ሞኖ በግራም በቀኝም አንድ ድምፅ ነው፣ ስቴሪዮ ለየጎኑ የተለየ። አልበርት አይለር ጁላይ 10 ቀን 1964 ከጋሪ ፒኮክና ከሰኒ መሪ ጋር የቀዳው «ስፒሪችዋል ዩኒቲ» ሞኖ ነው። በዚያ ዘመን አንዳንድ አሳታሚዎች የሞኖ ቅጂን በመሣሪያ ለሁለት ከፍለው፣ ወፍራሙን ድምፅ ወደ አንድ ጎን ቀጭኑን ወደ ሌላው እያደሉ፣ «ስቴሪዮ» ብለው ሸጠዋል። ውጤቱ ሳክስፎኑ ለሁለት የተሰነጠቀ፣ ከበሮው ጉድጓድ ውስጥ የወደቀ ዓይነት ነው። መጀመሪያ በሞኖ የተቀዳ ነገር በሞኖ ይሰማ።

እዚህ ላይ ብዙ ሰው የሚሳሳትበት ነገር አለ። የሞኖ አልበም በፍላክ ሲቀመጥ ቢትሬቱ (በሴኮንድ የሚይዘው የመረጃ መጠን) በጣም ዝቅ ብሎ፣ 400 ኪሎቢት አካባቢ ወይም ከዚያ በታች ሆኖ ይታያል። ፎርጅድ ስለሆነ አይደለም። ሁለቱ ቻናሎች አንድ ዓይነት ሲሆኑ ፍላክ አንዱን ጽፎ ለሌላው «ልዩነት የለም» ይላል፤ ቦታው የሚቆጠበው በዚህ ነው። በአንጻሩ ከመጠን በላይ የተጮኸበት ሪማስተር ለመጨመቅ ስለሚያስቸግር ከ1,000 ኪሎቢት በላይ ይወጣል። የፍላክ ቢትሬት የጥራት መለኪያ አይደለም።

ሦስተኛው ጩኸቱ ነው። ከ1990ዎቹ አጋማሽ ወዲህ የወጡ ብዙ ሪማስተሮች ዝቅ ያለውን ድምፅ ከፍ፣ ከፍ ያለውን ቆረጥ አድርገው ሁሉንም አንድ ልክ ላይ ያመጡታል። ለፖፕ ሙዚቃ ምናልባት ይቻል ይሆናል፤ ከሹክሹክታ ተነሥቶ ወደ ጩኸት ለሚሄድ ሙዚቃ ግን መንገዱን መቁረጥ ነው። ለማወዳደር ሁለቱን ሕትመቶች ፉባር2000 በሚባለው ማጫወቻ ፕሮግራም ከፍተው ሪፕሌይጌይን ያስለኩ፤ ድምፁን ለክቶ ምን ያህል መቀነስ እንዳለበት ይናገራል። አንዱ ከዜሮ 2 ወይም 3 ዴሲቤል ብቻ ቀንሶ ሌላው 9 ወይም 10 ከቀነሰ፣ ሁለተኛው ታምቆ የተጮኸበት መሆኑ ነው። ያለ መለኪያ ካወዳደሩ ጆሮ ይሸነፋል፤ በአንድ ዴሲቤል ብቻ የሚበልጠው ሁልጊዜ «የተሻለ» ይመስላል።

አራተኛው ማንም የማያስተካክለው ነው። ኤፕሪል 23 ቀን 1967 ሃርለም ውስጥ በኦላቱንጂ ማዕከል የተቀዳውና በ2001 የታተመው የኮልትሬን ኮንሰርት ከመነሻው ድምፁ የተሰባበረ ነው። የባንድ መሪው የሰን ራ የ1960ዎቹ መጀመሪያ የልምምድ ቅጂዎችም ብዙዎቹ እንደዚያው ናቸው። እንዲህ ላለው ቅጂ 24 ቢት በ192 መግዛት የተቀደደ ነጠላ በወርቅ ሣጥን ማስቀመጥ ነው። ለሙዚቃው ሲባል ይገዛ፤ ለድምፁ ሲባል ግን ተጨማሪ ዶላር አይከፈልበት።

ጆሮውን ለዚህ ሙዚቃ ገና የሚያለማምድ ሰው ከቅርብ ቢጀምር ይቀለዋል። የጌታቸው መኩሪያ ሳክስፎን ሽለላና ቀረርቶን ወደ ነሐስ ያመጣ ስለሆነ፣ ከአይለር ጋር የሚያነጻጽሩት ብዙዎች ናቸው፤ በኢትዮፒክስ ተከታታይ 14ኛው ቅጽ ላይ ይገኛል። የጅማው ተወላጅ ሙላቱ አስታጥቄ ቫይብራፎን ደግሞ በዶልፊ «አውት ቱ ላንች» ላይ ቦቢ ሃቸርሰን የሚመታው መሣሪያ ነው። ሁለቱን አከታትሎ መስማት ቫይብራፎን ምን ያህል የተለያየ ሥራ እንደሚሠራ ያሳያል። የሙላቱ የ1972ቱ «ሙላቱ ኦፍ ኢትዮጵያ» በ2017 ዳግም ሲታተም የሞኖውም የስቴሪዮውም ቅጂ ስለወጣ፣ የሞኖና የስቴሪዮን ነገር በቤት ሙዚቃ ለመረዳት ከዚህ የተሻለ መማሪያ የለም።

የፋይሉ ዓይነትና ክብደቱ

የአንድ ሰዓት ሙዚቃ በግምት ይህን ያህል ቦታ ይይዛል፦

ኤምፒ3 በ320 ኪሎቢት፦ 144 ሜጋባይት
ፍላክ 16/44.1፦ 350 ሜጋባይት
ዌቭ 16/44.1፦ 635 ሜጋባይት
ፍላክ 24/96፦ 1.2 ጊጋባይት
ፍላክ 24/192፦ 2.2 ጊጋባይትና ከዚያ በላይ

መስመርዎ በሴኮንድ 5 ሜጋቢት ካወረደልዎ ሁለተኛው አሥር ደቂቃ አይሞላም፤ የመጨረሻው አንድ ሰዓት ያህል ይፈጃል። በመሃል ከተቆራረጠና ማውረጃው ካቆመበት የማይቀጥል ከሆነ ደግሞ እንደ አዲስ መጀመር አለ። ጥቅሉ በሜጋባይት ለሚቆጠርበት ሰው ይህ ትንሽ ነገር አይደለም።

ታዲያ ትልቁ ምን ይጨምራል? 16 ቢት ከዝቅተኛው እስከ ከፍተኛው ድምፅ 96 ዴሲቤል ያህል ስፋት ይይዛል። የ1960ዎቹ ቴፕ ያለ ድምፅ ማጽጃ የሚይዘው ከ60 እስከ 70 ነው። 44.1 ኪሎኸርትዝ እስከ 22 ኪሎኸርትዝ ድረስ ያለውን ድምፅ ይጽፋል፤ የሰው ጆሮ በደህናው ዘመኑ 20 ላይ ያበቃል፤ ዕድሜ ሲገፋ ከዚያ በታች ይወርዳል። ስለዚህ ተጨማሪው ቢት የሚያሳይዎት የቴፑን «ሽሽሽ» በበለጠ ዝርዝር ነው። ዲኤስዲ የሚባለው ሌላ የፋይል ዓይነትም በዚሁ ሂሳብ ይታለፍ።

ሁለት ልዩ ሁኔታዎች አሉ። የመጀመሪያው፣ የተሻለው ማስተር የወጣው በ24 ቢት ብቻ ሲሆን ነው። ያን ጊዜ ይግዙት፤ ለስልክዎ ወደ 16/44.1 ይለውጡትና ዋናውን በዲስክ ያኑሩት። ሁለተኛው፣ ቤት ያለ ሸክላ ወይም ካሴት ወደ ኮምፒውተር የሚገለብጡ ከሆነ ነው። ሲቀዱ 24/96 ይጠቀሙ፤ ድምፁ በድንገት ሲያድግ እንዳይቆረጥ ከፍተኛውን ልክ ከዜሮ 6 ዴሲቤል ያህል ዝቅ አድርጎ መያዝ የሚቻለው በዚህ ነው።

በፍላክ፣ የአፕል ሎስለስ ዓይነት በሆነው በአላክና ሳይጨመቅ በሚቀመጠው በዌቭ መካከል የድምፅ ልዩነት የለም። ዌቭ ቦታ ይፈጃል፤ የአርቲስትና የዘፈን ስም አያያዙ አስተማማኝ አይደለም። አላክ የአይፎንና የማክ ሰው ምርጫ ነው። ፍላክ በአንድሮይድ፣ በዊንዶውስና በሊኑክስ ያለ ጣጣ ይሠራል፤ በአይፎንም ቪኤልሲን ወይም ፉባር2000ን በመሰለ አፕ ይከፈታል። ከአንዱ ወደ ሌላው መቀየር ምንም አያጎድልም፤ ስለዚህ ዛሬ የመረጡት ነገ አያስርዎትም። የፍላክ የመጭመቂያ ደረጃ ከ0 እስከ 8 ነው፤ መደበኛው 5 ነው። ደረጃው ድምፁን አይነካም፤ 8 ትንሽ ቦታ ይቆጥባል፣ ሲጨመቅ ይዘገያል፣ ከዚያ ያለፈ የለውም።

ኤምፒ3ን መናቅም አይገባም። በደንብ የተሠራ 320 ኪሎቢት ኤምፒ3ን ከፍላክ በጆሮ መለየት ለአብዛኛው ሰው አይሆንለትም። ከተጠራጠሩ የትኛው የትኛው እንደሆነ ሳያሳይ በጆሮ ብቻ በሚያስለየው የፉባር2000 የኤቢኤክስ መሞከሪያ 16 ጊዜ ይሞክሩ፤ 12 ጊዜ ወይም ከዚያ በላይ ካላገኙት እየገመቱ ነው። ችግሩ ጎልቶ የሚሰማው በ128 ነው፦ በ«አውት ቱ ላንች» ላይ የቶኒ ዊሊያምስ ሲምባል እንደ ፈሳሽ ይንሸዋሸዋል፤ ሹል ምት ከመምጣቱ በፊት ጥላው ቀድሞ ይሰማል። በ320ም ቢሆን የሚቀር አንድ ጣጣ አለ። ኤምፒ3 በፋይሉ መጀመሪያና መጨረሻ ላይ ትንሽ ባዶ ቦታ ይጨምራል፤ ማጫወቻው ካላስተካከለው ተያይዞ መሄድ ያለበት ሙዚቃ መሃል ላይ ይቆረጣል። የፋሮ ሳንደርስ የ1969ኙ «ካርማ» ላይ ከ32 ደቂቃ በላይ የሚረዝመው ሥራ በሸክላ ሁለት ገጽ ላይ ስለተከፈለ፣ በሁለት ፋይል ተከፍሎ ሊመጣ ይችላል። ማጫወቻዎ ላይ ትራኮቹን ያለ ክፍተት የሚያያይዘውን «ጋፕለስ» ያብሩ፤ የአንዱን መጨረሻ በሌላው መጀመሪያ ላይ የሚደርበውን «ክሮስፌድ» ያጥፉ።

ለመስማት ብቻ ከሆነ 320 ይሁን። ለማኖር ግን ፍላክ ነው፤ ከኤምፒ3 ወደ ሌላ ኤምፒ3 በተገለበጠ ቁጥር እንደገና ይጎድላልና።

ፎርጅድ ፍላክ

ከኤምፒ3 የተሠራ ፍላክ ሞልቷል። በተለይ በቴሌግራም ከሰው ወደ ሰው ሲተላለፍ የመጣ ፋይል ከየት እንደተነሣ አይታወቅም። ለመፈተሽ ስፔክ የሚባለውን ነፃ ፕሮግራም ኮምፒውተር ላይ ይጫኑና ፋይሉን ይጎትቱበት። በቀለም የተሞላ ሥዕል ይመጣል፤ ቁመቱ የድምፁ ቅጥነት ነው። በ16 ኪሎኸርትዝ ላይ በመቀስ እንደተቆረጠ ቀጥ ያለ መስመር ካዩ 128 ኪሎቢት የነበረ ነው ብለው ይጠርጥሩ። 19 አካባቢ ከሆነ 192፣ 20 ላይ ከሆነ 320 ሊሆን ይችላል።

ነገር ግን አሮጌ ጃዝ ላይ ይህ ፈተና ብቻውን ያሳስታል። የ1960ዎቹ ማይክሮፎንና ቴፕ ከ15 ኪሎኸርትዝ በላይ ብዙ ነገር ላይይዙ ይችላሉ፤ ትክክለኛው ፍላክም ከላይ ጨለማ ሆኖ ይታያል። ልዩነቱ ጠርዙ ላይ ነው። የቴፕ ድምፅ ወደ ላይ ሲወጣ ቀስ በቀስ እንደ ጉም ይሳሳል፤ ሲምባል ሲመታ ጫፉ ከፍ ይላል፣ ሲያልፍ ይወርዳል። የኤምፒ3 ጠርዝ ግን ሲምባሉ ቢመታም ባይመታም ቀጥ እንዳለ ይሄዳል። ሌላ ጥሩ ምልክት የቴፑ ሽሽታ ነው፦ በእውነተኛ ፍላክ ውስጥ ዝም ባለ ቦታ ላይም ከታች እስከ ላይ ስስ ሆኖ ይታያል፤ በኤምፒ3 በኩል ካለፈ ብዙ ጊዜ ጥቋቁር ቀዳዳዎች ይታዩበታል።

ፋይሉ መንገድ ላይ መጎዳቱን ለማወቅ ሌላ ፍተሻ አለ። ፍላክ ሲሠራ የድምፁን አሻራ በራሱ ውስጥ ይጽፋል። በፉባር2000 የትክክለኛነት ማረጋገጫውን ቢያስኬዱ ድምፁን ከአሻራው ጋር ያስተያያል። ይህ የሚነግርዎት ግን ፋይሉ አለመበላሸቱን ብቻ ነው፤ ከኤምፒ3 የተሠራ ፍላክም ይህን ፈተና ያልፋል።

ከየት ይገኛል?

ዩቲዩብ ላይ የሚገኘው የቱም ቅጂ ሎስለስ አይደለም። ከዚያ ተወስዶ «ፍላክ» የተባለም እንዲሁ። አልበሙን ለመግዛት ከመወሰን በፊት ለመቅመስ ግን ይሆናል፤ አይለርን ሳይቀምሱ መግዛት አንመክርም።

በወር የሚከፈልባቸው የስትሪሚንግ አገልግሎቶች፣ እንደ አፕል ሙዚክ፣ ታይዳልና ኮቡዝ ያሉት፣ ሎስለስ አላቸው። ለዚህ ሙዚቃ ሦስት ጉድለት አለባቸው። አገልግሎቱ ለኢትዮጵያ ክፍት መሆኑና ካርድዎ በውጭ ምንዛሪ መክፈል መቻሉ ቀድሞ መረጋገጥ አለበት። በሰሙ ቁጥር በሰዓት 350 ሜጋባይት ገደማ ይሄዳል፤ ስለዚህ አልበሙን በዋይፋይ ስልኩ ላይ አውርዶ መስማት ነው የሚያዋጣው። ከሁሉ የሚከፋው ግን የትኛው ሕትመት እንደቀረበ ብዙ ጊዜ አለመጻፉ ነው፤ ዛሬ የሰሙት ነገ በሌላ ሪማስተር ሊተካ ይችላል። ብዙ አልበም ለመዳሰስ ለሚፈልግ ይጠቅማል፤ አንዱን አልበም አጥብቆ ለሚይዝ ግን አይመችም።

አንድ ጊዜ ገዝቶ ማውረድ የእኛ ምርጫ ነው። ባንድካምፕ ላይ ከተከፈለ በኋላ ፍላክ፣ አላክ፣ ዌቭ ወይም ኤምፒ3 መምረጥ ይቻላል፤ ስልክ ቢጠፋ ተመልሶ ማውረድ ይቻላል። የሰን ራ ብዙ ቅጂዎች እዚያ አሉ። ክፍያው በካርድ ወይም በፔይፓል ስለሆነ ውጭ አገር ያለ ዘመድ ገዝቶ ሊልክልዎ ይችላል። ሲልክ በቴሌግራም «ፋይል» አድርጎ ይላክ፤ በነፃው አካውንት እስከ 2 ጊጋባይት ያልፋል። ስፒከር ፊት ስልክ ይዞ የድምፅ መልእክት አድርጎ የሚልክ ዘመድ ካለዎት አስቀድመው ይንገሩት።

አራተኛው መንገድ ሲዲ ነው። ከ1980ዎቹና ከ1990ዎቹ መጀመሪያ የታተሙ ያገለገሉ ሲዲዎች ብዙ ጊዜ ያልታመቀ ማስተር ይዘዋል፤ ከሪማስተሩም ይረክሳሉ። አዲስ ላፕቶፕ የሲዲ ማስገቢያ ስለሌለው የውጭ ዩኤስቢ ዲቪዲ ማጫወቻ ያስፈልጋል። በዊንዶውስ ኤግዛክት ኦዲዮ ኮፒን «ሴክዩር» በሚለው ዘዴ ያስኬዱ፤ አኪዩሬትሪፕ የሚባለውን ያብሩ፤ እሱ የእርስዎን ውጤት ሌሎች ከተመሳሳይ ሲዲ ካወጡት ጋር ያስተያያል። ሁሉም ትራክ ከተስማማ ሥራው አልቋል። አንዱ ትራክ ካልተስማማ ሲዲውን ከመሃል ወደ ጠርዝ ቀጥ አድርገው በለስላሳ ጨርቅ ይጥረጉ። ዙሪያውን መጥረግ ጭረቱን መረጃው በሚሄድበት አቅጣጫ ስለሚያሰፋ ያባብሰዋል።

በምን ይሰማል?

በብሉቱዝ እንጀምርና እንለፈው። ብሉቱዝ ድምፁን አምቆ የሚልክበት መደበኛው መንገድ ኤስቢሲ ቢበዛ 328 ኪሎቢት ያህል ያስተላልፋል፤ ኤልዳክ የሚባለው እስከ 990 ይደርሳል፤ ስልኩና ሄድፎኑ ሁለቱም ሊደግፉት ይገባል። አይፎን ከኤስቢሲና ከኤኤሲ ውጭ አይልክም። እንግዲህ በብሉቱዝ ለሚሰማ ሰው ፍላኩ መንገድ ላይ ተመልሶ ይቀነሳል። ጥሩ ብሉቱዝ ሄድፎን ከመጥፎ ገመድ ይሻላል፤ ሎስለስ ግን አይደለም።

ገመድ ሲባል ስልክዎ የኤርፎን ቀዳዳ ካለው ዕድለኛ ነዎት። ከሌለው በዩኤስቢ ሲ የሚሰካ አዳፕተር ይገዛሉ፤ ገበያ ላይ ሁለት ዓይነት መኖሩን ሻጩ ላይነግርዎት ይችላል። አንደኛው ውስጡ ዳክ፣ ማለትም ቁጥሩን ወደ ድምፅ የሚለውጥ ቺፕ፣ አለው፤ ከአብዛኛው ስልክ ጋር ይሠራል። ሁለተኛው ሽቦ ብቻ ነው፤ በዩኤስቢ ቀዳዳው ድምፅ አውጥቶ የማይሰጥ ስልክ ላይ ቢሰኩት ጭጭ ይላል። ከመክፈልዎ በፊት በራስዎ ስልክ ይሞክሩት።

ኤርፎን ሲገዙም ሱቁ ውስጥ መሞከሪያው «ፍሪ ጃዝ» ነው። «ግራ» የሚለው ላይ ኮልማን ካለ፣ የዶልፊ ወፍራም ባስ ክላርኔት ከቀኝ ከመጣ፣ ሽቦው አልተገለበጠም። ስልክዎ ላይ «ሞኖ ድምፅ» የሚለው ቅንብር፣ ኢኳላይዘሩና «አትሞስ» የሚባለው ማስፊያ መጥፋታቸውን አስቀድመው ያረጋግጡ፤ ሞኖውና ማስፊያው ሁለቱን ኳርቴቶች ያቀላቅላሉ፤ ኢኳላይዘሩ ድምፁን ይለውጣል። ቀጥሎ የአይለርን ሞኖ አልበም ይክፈቱ፤ ድምፁ ከጭንቅላትዎ መሃል መምጣት አለበት። ሙዚቃው ሁሉ ርቆ፣ ባዶ ቆርቆሮ ውስጥ እንዳለ ሆኖ ከተሰማ ወይም ሊጠፋ ምንም ካልቀረው፣ የጃኩ የጋራ ሽቦ አልነካም ማለት ነው፤ ያን ጊዜ የሚሰሙት በግራና በቀኝ መካከል ያለውን ልዩነት ብቻ ነው፤ ሞኖ ላይ ደግሞ ልዩነት የለም። ጃኩን እስከ መጨረሻው ይግፉት። የስልኩ ሽፋን ወፍራም ከሆነ ያውልቁት። አሁንም ካልተስተካከለ ኤርፎኑን ይተውት።

የባስ ፈተናው የሴሲል ቴይለር «ዩኒት ስትራክቸርስ» ነው፤ በሜይ 19 ቀን 1966 ሲቀዳ ሄንሪ ግራይምስና አላን ሲልቫ የሚባሉ ሁለት ቤዝ ተጫዋቾች ነበሩበት። ሁለቱን መለየት ካቃተዎት ብዙ ጊዜ ጥፋቱ የፋይሉ አይደለም፤ የጆሮ ውስጥ ኤርፎኑ ጎማ ጆሮዎን አልዘጋም፤ ክፍተት ካለ ባስ ይፈሳል። አብረው ከሚመጡት ሦስት መጠኖች ሁሉንም ይሞክሩ፤ ግራና ቀኝ ጆሮ የተለያየ መጠን ቢፈልግ አይግረምዎ።

ከዚያ የጅማ ዝናብ አለ። የቆርቆሮ ጣሪያ ሥር ክረምት ላይ ከሰዓት በኋላ የሚሰማ ሰው 24 ቢት ስለመግዛት የሚያስበው ነገር ካለ ይተወው። የአርት አንሳምብል ኦፍ ሺካጎ በ1969 ፈረንሳይ ውስጥ የቀዳው «ፒፕል ኢን ሶሮው» በዝግታ፣ ትናንሽ መሣሪያዎች እየተነኩ ይጀምራል፤ ዝናቡ የመጀመሪያዎቹን ደቂቃዎች ይውጣቸዋል። ሰው ድምፁን ከፍ ያደርጋል፤ ሙዚቃው ሲያድግ ጆሮውን ይመታዋል። ስለዚህ ለዚህ ከተማ ክፍት ሄድፎን ሳይሆን ዝግ ሄድፎን፣ ወይም ጆሮን የሚደፍን የጆሮ ውስጥ ኤርፎን ይመረጣል። በስልክ የሚሠራ እንዲሆን ከ16 እስከ 32 ኦም ያለውን ይፈልጉ፤ 250 ኦም የሆነ ስቱዲዮ ሄድፎን ስልክ ላይ ቢሰኩት ድምፁ ይኮሰምናል። ጸጥ ያለውን አልበም ለጠዋት ያቆዩት። ቡና የሚወቀጥበት ሰዓት ላይ ደግሞ «አሴንሽን» ይሁን፤ ሙቀጫው አይረብሸውም።

በላፕቶፕ የሚሰሙ ከሆነ ቻርጀሩ ሲሰካ «ዝዝዝ» የሚል ድምፅ ሊገባ ይችላል። ምክንያቱ ብዙ ጊዜ በግራውንድ ያልታሰረ ሶኬት ወይም ርካሽ ቻርጀር ነው። ነቅለው በባትሪ ይሞክሩ፤ ከጠፋ ነገሩ ታወቀ። ፍጹም ግራና ቀኝ የተከፈለ ቅጂ በሄድፎን ለረጅም ሰዓት ሲሰማ ራስ ያደክማል፤ በፉባር2000 ላይ «ክሮስፊድ» የሚባል ተጨማሪ መሣሪያ ከአንዱ ጎን ጥቂቱን ወደ ሌላው ያሳልፋል። ስሙ ከክሮስፌድ ጋር ስለሚመሳሰል እንዳይምታታብዎ።

ሁለት ስፒከር ካለዎት እኩል ርቀት ላይ ያስቀምጧቸው፤ በባዶ ግድግዳ ክፍል ውስጥ ወፍራም መጋረጃና ምንጣፍ ማስተጋባቱን ይቀንሳል። ፍላሽ የሚቀበሉ ርካሽ ስፒከሮች ግን ብዙዎቹ ኤምፒ3 ብቻ ነው የሚያነቡት፤ ፍላክ ያለበት ፍላሽ ሲሰካ ባዶ ነው ይላሉ። ፋይሉ አልተበላሸም። ለነሱ ብቻ ሌላ የኤምፒ3 ቅጂ ይሥሩ።

ማስቀመጥ

64 ጊጋባይት ሚሞሪ ወደ 180 ሰዓት የሚጠጋ ፍላክ ይይዛል። ፎርጅድ ሚሞሪ ግን 64 ነኝ ብሎ 8 ሆኖ ይገኛል፤ ሙዚቃው የተገለበጠ ይመስልና ሲከፈት ዝም ይላል ወይም ይንጫጫል። እንደገዙ ኤችቱቴስትደብሊው በሚባለው ነፃ ፕሮግራም እስከ ጫፍ ሞልተው ያስፈትኑት።

መብራት በድንገት በሚሄድበት ቤት ትልቁ ጉዳት የሚደርሰው ፋይል እየተገለበጠ ሳለ ነው። ከግድግዳ ብቻ በሚሠራ ዴስክቶፕ ላይ ብዙ ጊጋባይት አይገልብጡ፤ ባትሪ ያለው ላፕቶፕ ይጠቀሙ፤ ካልሆነ ዩፒኤስ ያስፈልጋል። ከገለበጡ በኋላ «በደህና አውጣ» የሚለውን ሳይጫኑ ዲስኩን አይንቀሉ። ከዚያ የፍላኩን አሻራ አንድ ጊዜ ያስፈትሹ፤ የተበላሸ ትራክ የሚገኘው ዋናው ቅጂ ገና እጅዎ ላይ ሳለ ቢሆን ይሻላል። ሁለት ቅጂ በሁለት የተለያየ ዕቃ ላይ ይኑርዎት፤ አንዱ ሌላ ቤት ቢቀመጥ የተሻለ ነው።

ሸክላና ሲዲ ያለው ሰው ደግሞ እርጥበቱን ይጠንቀቅ። መደርደሪያውን ከግድግዳው ጣት ያህል ያርቀው፤ ሸክላውን ቁም እንጂ አንዱን በአንዱ ላይ አያስተኛው። የወረቀቱ ከረጢት ሻጋታ ሻጋታ ከሸተተ በአዲስ ከረጢት ይለውጠው፤ ሻጋታው ከሽፋኑ ወደ ጎድጎዳው ከገባ በኋላ ሸክላው ሲዞር ቋ ቋ የሚለው ድምፅ ከቅጂው ጋር አብሮ ይቀዳል።